ከቅጣቱ በፊት መሰማት፦ እያንዳንዱ ሠራተኛ ሊያውቀው የሚገባ መብት

አንድ ሠራተኛ ከመሥሪያ ቤቱ የሚደርሰው አጭር ደብዳቤ የመላ ቤተሰቡን ኑሮ ሊለውጥ ይችላል። ከሥራ ታግደዋል፣ ከደረጃ ዝቅ ብለዋል፣ ወደ ሌላ ቦታ ተዛውረዋል ወይም ከሥራ ተሰናብተዋል የሚል ደብዳቤ የደረሰው ሰው በዚያው ቀን የቤት ኪራዩን፣ የልጆቹን የትምህርት ቤት ክፍያና ገጠር ላሉት ወላጆቹ የሚልከውን ገንዘብ ማሰብ ይጀምራል። ከዚህ ሁሉ ሐሳብ በፊት ግን መልስ የሚሻ አንድ ጥያቄ አለ። ውሳኔው ከመተላለፉ በፊት ሠራተኛው ተጠይቋል? የተከሰሰበትን ነገር አውቆ መልስ እንዲሰጥ ዕድል አግኝቷል?

ጥያቄው በምዕራብ አዲስ አበባ በሚገኘው በኮልፌ ቀራኒዮ ክፍለ ከተማ ለሚኖሩ በርካታ ሰዎች ቅርብ ነው። ከአየር ጤና እስከ ዊንጌት፣ ከቤቴል እስከ አጠና ተራ በተዘረጋው በዚህ ክፍለ ከተማ በወረዳ ጽሕፈት ቤቶች፣ በጤና ጣቢያዎች፣ በትምህርት ቤቶችና በግል ድርጅቶች ተቀጥረው የሚሠሩ ብዙዎች ናቸው። ከእነርሱ መካከል ከገጠር መጥተው በደመወዛቸው ሁለት ቤት የሚያስተዳድሩ ጥቂት አይደሉም። ስለዚህ በከተማ መሥሪያ ቤት የሚፈረም የስንብት ደብዳቤ በገጠር ያለውን የአርሶ አደር ቤትም ያንኳኳል።

የመሰማት መብት ምንድን ነው?

የመሰማት መብት ማለት ማንም ሰው መብቱን ወይም ጥቅሙን የሚጎዳ ውሳኔ ከመተላለፉ በፊት ስለ ጉዳዩ እንዲያውቅ፣ መልሱንም እንዲያቀርብ ዕድል ማግኘት ማለት ነው። በሥራ ቦታ ሲታይ መብቱ አምስት ነገሮችን ይይዛል። አንደኛ፣ ሠራተኛው የተከሰሰበት ጥፋት ምን እንደ ሆነ፣ መቼና የት እንደ ተፈጸመ በጽሑፍ ሊገለጽለት ይገባል። ሁለተኛ፣ የቀረበበትን ማስረጃ ማየት አለበት። ሦስተኛ፣ መልሱን አዘጋጅቶ የራሱን ሰነድና ምስክር የሚያቀርብበት በቂ ጊዜ ሊሰጠው ይገባል። አራተኛ፣ ጉዳዩን የሚያየው ሰው ገለልተኛ መሆን አለበት፤ ከሳሹ ራሱ ዳኛ ሊሆን አይገባም። አምስተኛ፣ ውሳኔው ከነምክንያቱ በጽሑፍ ሊደርሰው ይገባል።

ይህ አሳብ ከውጭ የመጣ እንግዳ ነገር አይደለም። ዘመናዊ ፍርድ ቤት ከመስፋፋቱ በፊት በነበረው የሙግት ሥርዓት ከሳሽና ተከሳሽ በአደባባይ ቆመው በላ ልበልሃ ሲባባሉ ዳኛውና ታዳሚው ሁለቱንም ወገን ይሰማ ነበር። "ከአነጋገር ይፈረዳል፣ ከአያያዝ ይቀደዳል" የሚለው ብሂል የተወለደው ሰው ተናግሮ በሚዳኝበት እንዲህ ባለ ባህል ውስጥ ነው። ባልተናገረ ሰው ላይ ከአነጋገሩ መፍረድ አይቻልም።

ግምገማ ችሎት አይደለም

በመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ብዙ ጊዜ የሚያደናግረው ነገር ግምገማ ነው። በስብሰባ ላይ አንድ ሠራተኛ ስሙ ተነሥቶ ሲወቀስ፣ እርሱም ተነሥቶ ጥቂት ሲናገር፣ "በጉዳዩ ላይ ሐሳቡን ሰጥቷል" ተብሎ ቃለ ጉባኤ ሊያዝ ይችላል። ይሁን እንጂ ግምገማ የሥራ አፈጻጸም መወያያ መድረክ ነው። ክሱ አስቀድሞ በጽሑፍ ያልደረሰው፣ ማስረጃ ያላየ፣ ምስክር ያላቀረበ ሰው በስብሰባ መካከል ስለ ተናገረ ብቻ ተሰምቷል ማለት አይቻልም። በግምገማ የተነሣ ጉዳይ ቅጣት የሚያስከትል ከሆነ ከስብሰባው አዳራሽ ወጥቶ ወደ ዲሲፕሊን ሥርዓቱ መግባት ይኖርበታል።

ሕጉ ምን ይላል?

በ1987 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም በሕግ የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው ሌላ አካል የማቅረብና ውሳኔ የማግኘት መብት እንዳለው ደንግጓል። በአንቀጽ 9 ደግሞ ኢትዮጵያ ያጸደቀቻቸው ዓለም አቀፍ ስምምነቶች የአገሪቱ ሕግ አካል መሆናቸውን ይገልጻል።

ከእነዚህ ስምምነቶች አንዱ የሥራ ውል መቋረጥን የሚመለከተው የዓለም የሥራ ድርጅት ስምምነት ቁጥር 158 ነው። ስምምነቱ እ.ኤ.አ. በ1982 የወጣ ሲሆን ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ1991 አጽድቃዋለች። በአንቀጽ 7 እንደ ተመለከተው፣ አሠሪው ይህን ዕድል እንዲሰጥ በአግባቡ ሊጠበቅበት የማይችል ሁኔታ ካላጋጠመ በቀር፣ ሠራተኛ ከሥነ ምግባሩ ወይም ከሥራ አፈጻጸሙ ጋር በተያያዘ ምክንያት ከሥራ ከመሰናበቱ በፊት ለቀረበበት ክስ መከላከያውን የማቅረብ ዕድል ሊያገኝ ይገባል። በዚህ አንቀጽ ውስጥ ክብደት ያለው ቃል "በፊት" የሚለው ነው።

ለመንግሥት ሠራተኞች ዝርዝሩ በልዩ ሕጎች ተቀምጧል። የሚኒስትሮች ምክር ቤት በደንብ ቁጥር 77/1994 የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞችን የዲሲፕሊን አፈጻጸምና የቅሬታ አቀራረብ ሥነ ሥርዓት ወስኗል። የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደርም የራሱን የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 56/2010 አውጥቷል፤ በኮልፌ ቀራኒዮ ክፍለ ከተማና በወረዳዎቹ የሚሠሩ ሠራተኞች በቅድሚያ ሊያውቁት የሚገባው ይህንን ነው። ክልሎችም የየራሳቸው የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ አላቸው። በፌዴራል ደረጃ ለዓመታት ሲሠራበት የነበረው አዋጅ ቁጥር 1064/2010 በ2017 ዓ.ም. በጸደቀ አዲስ አዋጅ ተተክቷል። ስለዚህ አንድ ሠራተኛ አቤቱታ ሲጽፍ የሚጠቅሰው አዋጅ በሥራ ላይ ያለው መሆኑን ማረጋገጥ አለበት።

ከእነዚህ በተጨማሪ የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የአስፈጻሚ አካላት ውሳኔ አሰጣጥ ሊከተለው የሚገባውን መለኪያ አስቀምጧል። ውሳኔ የሚነካው ሰው እንዲሰማ፣ የጥቅም ግጭት ያለበት ኃላፊ ከጉዳዩ እንዲገለል፣ ውሳኔ ምክንያቱ ተገልጾ በጽሑፍ እንዲሰጥ፣ በውሳኔው ቅር የተሰኘም ፍርድ ቤት እንዲከልሰው መጠየቅ እንዲችል አዋጁ በር ከፍቷል። ይህ አዋጅ ለሠራተኛ ብቻ የወጣ አይደለም። ፈቃዱ የተሰረዘበት ነጋዴም ሆነ ሌላ አስተዳደራዊ ውሳኔ የነካው ነዋሪ ተመሳሳይ ጥያቄ ሊያነሣ የሚችልበት ነው።

"እምነት አጥቼበታለሁ" በቂ ነበር?

መብቱ በወረቀት ቢሰፍርም ከእርሱ የሚያስወጣ ልዩ በር በሌላ ሕግ ሲከፈት ምን እንደሚከተል የሚያሳይ የቅርብ ዘመን ምሳሌ አለ። በ2000 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን በአዋጅ ቁጥር 587/2000 ሲቋቋም ሠራተኞቹ የሚተዳደሩበት ደንብ ቁጥር 155/2000 ወጣ። የዚህ ደንብ አንቀጽ 37 ዋና ዳይሬክተሩ በሙስና የጠረጠረውንና እምነት ያጣበትን ሠራተኛ መደበኛውን የዲሲፕሊን ሥርዓት ሳይከተል ከሥራ እንዲያሰናብት ይፈቅድ ነበር። በዚህ መንገድ የተሰናበተ ሠራተኛም በማንኛውም የዳኝነት አካል ውሳኔ ወደ ሥራው ሊመለስ እንደማይችል ደንቡ ጨምሮ ገልጿል።

የደንቡ ዓላማ ለመረዳት አያስቸግርም። ግብርና ቀረጥ በሚሰበሰብበት ቦታ የሚፈጸም ሙስና የሕዝብ ሀብት የሚያፈስስ ቀዳዳ ነው፤ ፈጥኖ መድፈን ያስፈልጋል። ጥርጣሬ ግን ማስረጃ አይደለም። አንድ ሰው በጥርጣሬ ብቻ ሲሰናበት ከሥራው ጋር ስሙንም ያጣል። ሌላ መሥሪያ ቤት ሲያመለክት ለምን እንደ ተሰናበተ ይጠየቃል፤ እርሱም ያልተነገረውን ነገር ማስረዳት አይችልም። በዚህ ደንብ መሠረት የተሰናበቱ ሠራተኞች ያነሡት የሕገ መንግሥት ጥያቄ እስከ ሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤ ደርሷል። የክርክሩ ማዕከል ቀደም ሲል የተጠቀሰው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37፣ ማለትም ፍትሕ የማግኘት መብት ነበር። ሁለቱ አንቀጾች ቁጥራቸው አንድ ሆኖ ሳለ አንዱ የከፈተውን በር ሌላው መዝጋቱ ነበር የሙግቱ ፍሬ ነገር።

ከዚያ ቀደም ብሎም በሚያዝያ 1985 ዓ.ም. ከ40 በላይ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መምህራን በአንድ ጊዜ ከሥራ መሰናበታቸው በአገሪቱ የከፍተኛ ትምህርት ታሪክ እስከ ዛሬ ይነሣል። በጅምላ የሚወሰን ስንብት የእያንዳንዱን ሰው ጉዳይ ለየብቻ የማየት ዕድልን ያጠብባል። የመሰማት መብት ደግሞ በባሕርዩ የእያንዳንዱ ሰው ነው።

"ብንሰማውም ለውጥ አያመጣም"

ኃላፊዎች ሥርዓቱን ሲዘልሉ ከሚሰጧቸው ምክንያቶች አንዱ "ጥፋቱ ግልጽ ነው፤ ብንሰማውም ውሳኔው አይለወጥም" የሚል ነው። ይህ ክርክር በሌላ አገርም ተሞክሯል። በእንግሊዝ አገር የብራይተን ከተማ ፖሊስ አዛዥ እ.ኤ.አ. በ1958 ክሱ ሳይነገረውና መልሱ ሳይሰማ ከሥራ ተሰናበተ። ጉዳዩ እስከ አገሪቱ የመጨረሻ ችሎት ሄዶ እ.ኤ.አ. በ1963 ችሎቱ ስንብቱ ዋጋ የለውም ሲል ወሰነ። አዛዡ ጥፋት የለበትም ማለቱ አልነበረም። ሳይሰማ መባረሩ ብቻውን ውሳኔውን ለማፍረስ በቂ ነው ማለቱ ነበር።

ከዚህ የሚወሰደው ትምህርት ለኢትዮጵያ መሥሪያ ቤቶችም ይሠራል። ሥርዓቱን ዘልሎ ጥፋተኛን የሚያሰናብት ኃላፊ ጥፋተኛው በይግባኝ እንዲመለስ መንገድ ይጠርግለታል። ይግባኙን የሚያየው አካል በመጀመሪያ የሚመለከተው ክሱ መድረሱን፣ መልስ መጠየቁንና ማስረጃ መሰማቱን ነው። እነዚህ ከጎደሉ ጥፋቱ እውነት ቢሆንም ውሳኔው ሊሻር ይችላል። ያን ጊዜ ሠራተኛው ላልሠራበት ጊዜ የሚከፈለው ደመወዝ ከሕዝብ ገንዘብ ይወጣል። ጥፋተኛው ሳይቀጣ ይቀራል፤ ንጹሑ ደግሞ እስኪመለስ ድረስ ተጎድቷል። በመሆኑም ሠራተኛውን አስቀድሞ መስማት የመሥሪያ ቤቱም መድን ነው።

ኮልፌ ራሷ ከሰፊው ዓለም ጋር የምትያያዝበት አንድ ታሪክ አላት። ኔልሰን ማንዴላ እ.ኤ.አ. በ1962 ወታደራዊ ሥልጠና የወሰዱት በዚሁ በኮልፌ ነው። ከ34 ዓመታት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1996፣ በፕሬዚዳንትነታቸው የፈረሙት የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 33 ማንኛውም ሰው ሕጋዊ፣ ምክንያታዊና ሥርዓቱን የጠበቀ አስተዳደራዊ ውሳኔ የማግኘት፣ መብቱ ሲነካም ምክንያቱ በጽሑፍ እንዲገለጽለት የመጠየቅ መብት እንዳለው ይደነግጋል። ሳይሰሙ መቀጣትን ጠንቅቆ የሚያውቅ ሕዝብ መብቱን በሕገ መንግሥቱ ውስጥ በግልጽ ማስፈሩ የሚያስደንቅ አይደለም።

እገዳ፣ ዝውውርና የመዋቅር ለውጥ

ሁሉም የማይመች ውሳኔ ቅጣት አይደለም። እገዳ ሠራተኛው በሥራ ላይ መቆየቱ ማስረጃ ሊያጠፋ ወይም ምርመራውን ሊያደናቅፍ ይችላል ተብሎ ሲታመን የሚወሰድ ጊዜያዊ እርምጃ ነው። ምክንያቱ በጽሑፍ ሊገለጽና በጊዜ ሊወሰን ይገባዋል። መጨረሻው የማይታወቅ እገዳ ስሙ ተለወጠ እንጂ ስንብት ነው።

ዝውውርም ለሥራ ጥቅም የሚደረግ እንጂ መቅጫ አይደለም። ይሁን እንጂ ከኃላፊው ጋር የተጋጨ የግብርና ባለሙያ ያለ በቂ ምክንያት ወደ ሩቅ ቀበሌ ቢላክ ዝውውሩ የተሸፈነ ቅጣት ይሆናል። በእንዲህ ያለ ውሳኔ የሚጎዳው ባለሙያው ብቻ አይደለም። አርሶ አደሩ ማዳበሪያና ምርጥ ዘር በሚጠብቅበት፣ በሰብሉ ላይ በሽታ ሲያይ ምክር በሚሻበት ወቅት የሚያውቀው የልማት ሠራተኛ ድንገት ቢነሣ የዘር ጊዜ ሊያልፍ ይችላል። በከተማም ልማዱን የሚያውቀው የጤና ባለሙያ ወይም መምህር ሳይጠየቅ ሲነሣ ተገልጋዩ ክፍተቱን ያየዋል። ከዚህ ሁሉ በላይ ያለ ጥፋቱ ይቀጣኛል ብሎ የሚሰጋ ሠራተኛ ስሕተት ሲያይ ዝም ይላል። ዝምታው ደግሞ ለብልሹ አሠራር ይመቻል።

ሦስተኛው ዓይነት የመዋቅር ለውጥና የብቃት ምዘና ነው። የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር በ2016 ዓ.ም. ለበርካታ ሠራተኞችና አመራሮች የብቃት ምዘና ፈተና መስጠቱ ይታወሳል። ምዘና በራሱ የዲሲፕሊን ክስ አይደለም፤ አገልግሎትን ለማሻሻል ያስፈልጋል። ውጤቱ የሠራተኛውን ምደባ የሚወስን ከሆነ ግን መመዘኛው አስቀድሞ መታወቅ፣ ውጤቱም ለተፈታኙ መገለጽ ይኖርበታል። ስሕተት አለ የሚል ሠራተኛ ምደባው ከመጽደቁ በፊት ቅሬታውን የሚያቀርብበት ጊዜና አካል ሊኖር ይገባል።

የግል ድርጅት ሠራተኞች

በኮልፌ ቀራኒዮ በግል ድርጅት የሚሠሩ ሠራተኞች የሚተዳደሩት በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። አሠሪው ያለ ማስጠንቀቂያ የሥራ ውል ማቋረጥ የሚችለው በሕግ በተዘረዘሩ ምክንያቶች ብቻ ሲሆን ምክንያቱንና የሚቋረጥበትን ቀን በጽሑፍ መግለጽ አለበት። ይህ መብቱም ለማቋረጥ ምክንያት የሆነውን ነገር ካወቀበት ቀን ጀምሮ በ30 የሥራ ቀናት ውስጥ ካልተጠቀመበት ይቋረጣል። ሠራተኛው የማኅበር አባል በመሆኑ፣ በአሠሪው ላይ አቤቱታ በማቅረቡ፣ በጾታው፣ በሃይማኖቱ፣ በፖለቲካ አመለካከቱ ወይም በእርግዝና ምክንያት ማሰናበት ሕጋዊ አይደለም።

ወደ ሥራ ለመመለስ የሚፈልግ ሠራተኛ ደግሞ ክሱን ውሉ ከተቋረጠበት ቀን ጀምሮ በሦስት ወር ውስጥ ማቅረብ አለበት። ብዙዎች ሽማግሌ ሲልኩና አማላጅ ሲፈልጉ ይህ ጊዜ ያልፍባቸዋል። ሽምግልናው ቢቀጥልም ቀኑ አይጠብቅም።

ክስ የደረሰው ሠራተኛ ምን ያድርግ?

የመጀመሪያው እርምጃ ክሱ በጽሑፍ እንዲደርስ መጠየቅ ነው። በቃል የተነገረ ክስ ነገ ሊለወጥ ይችላል። ሠራተኛው ደብዳቤውን ሲቀበል የተቀበለበትን ቀን ጽፎ ይፈርም። ደብዳቤው ደረሰኝ ብሎ መፈረም ጥፋቱን ማመን አይደለም፤ አልቀበልም ማለት ግን የመልስ ጊዜውን በከንቱ ሊያባክን ይችላል።

ሁለተኛው እርምጃ ማስረጃውን ለማየት መጠየቅና በተሰጠው ቀን ውስጥ በጽሑፍ መመለስ ነው። መልሱ አጭርና ክሱን በየነጥቡ የሚመልስ ይሁን። ስድብና ምሬት ማስረጃ አይሆኑም። መልሱ በመዝገብ ቤት በኩል ገብቶ ሠራተኛው ቁጥርና ማኅተም ያረፈበትን ቅጂ ሊይዝ ይገባል። ጉዳዩን የሚያየው ሰው ከሳሹ ራሱ ከሆነ ወይም ከከሳሹ ጋር የጥቅም ወይም የዝምድና ትስስር ካለው ገና ሲጀመር በጽሑፍ መቃወም ይገባል። ውሳኔው ከተሰጠ በኋላ የሚነሣ ተቃውሞ ጉልበቱ ያነሰ ነው።

ሦስተኛው እርምጃ ውሳኔው ከነምክንያቱ እንዲደርስ መጠየቅና የይግባኝ ቀኑን መቁጠር ነው። የመንግሥት ሠራተኛ ይግባኙን ለመንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት ያቀርባል፤ ከዚያ በኋላ የሕግ ስሕተት ካለ ወደ መደበኛ ፍርድ ቤት ሊሄድ ይችላል። በአዋጅ ቁጥር 211/1992 የተቋቋመው የኢትዮጵያ የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምም የአስተዳደር በደል አቤቱታ ይቀበላል። ይሁን እንጂ ወደ እንባ ጠባቂ መሄድ የይግባኝ ቀነ ገደብን አያራዝምም።

አንድ ነገር መታወቅ አለበት። የወንጀል ክስና የዲሲፕሊን ክስ የተለያዩ ናቸው። በፍርድ ቤት ነጻ የተባለ ሰው በመሥሪያ ቤቱ የዲሲፕሊን ጥያቄ ሊቀርብበት ይችላል። በወንጀል የተጠረጠረ ሰውም በዚያ ምክንያት ብቻ የዲሲፕሊን መከላከያውን የማሰማት መብቱን አያጣም።

የመሰማት መብት ጥፋተኛን ከቅጣት አያስመልጥም። የሥራ ሰዓት የሚያጓድል፣ የሕዝብ ገንዘብ የሚያጠፋ፣ ጉቦ ካልተሰጠው ፋይል የማያነሣ ሠራተኛ ሊጠየቅ ይገባል፤ ተገልጋዩም ይህንን ይጠብቃል። መብቱ የሚከለክለው መጠየቁ ከቅጣቱ በኋላ እንዲመጣ ማድረግን ነው። ይግባኝ የጠፋ ደመወዝ ሊያስመልስ ይችላል፤ ከትምህርት ቤት የቀረን ልጅ፣ ለዕዳ የተሸጠን በሬ፣ በመንደር የጎደፈን ስም ግን አይመልስም። አንድ ኃላፊ ብዕሩን ከማንሣቱ በፊት "መልስህ ምንድን ነው?" ብሎ ለመጠየቅ የሚያስፈልገው የጥቂት ቀናት ትዕግሥት ነው።